ፖሊስ ክሴን አልቀበል ሲለኝ፣ ወይም ተቀብሎ ሲያስቀምጠው ምን ላድርግ? በሰሜን ሸዋ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ይህ ጽሑፍ የተዘጋጀው በአማራ ክልል ሰሜን ሸዋ ዞን ውስጥ ወንጀል ተፈጽሞበት ፖሊስ ጣቢያ ሲመላለስ ለሰለቸ ሰው ነው። መነሻው የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግና የ1996ቱ የወንጀል ሕግ ናቸው። ሁለቱም አገር አቀፍ ስለሆኑ ፍቼ በኩል፣ በኦሮሚያው ሰሜን ሸዋ ላለ ሰውም ያገለግላሉ። የሚለየው የሚያንኳኩት ቢሮ ነው።

ፖሊስ «ይሄ የኛ ጉዳይ አይደለም» ብሎ ሊመልሰኝ ይችላል?

የተፈጸመው ነገር ወንጀል ከሆነ አይችልም። የሥነ ሥርዓቱ ሕግ ቁጥር 11 ማንም ሰው፣ ድርጊቱን በዓይኑ አይቶትም ይሁን ሳያየው፣ ወንጀል መፈጸሙን የማመልከት መብት ይሰጠዋል። ቁጥር 22 ደግሞ ፖሊስ ወንጀል መፈጸሙን ሲያውቅ ወይም ሲጠረጥር ምርመራ እንዲያደርግ ያስገድዳል። የዚሁ ቁጥር ንዑስ ቁጥር 2 ብዙ ባለጉዳይ የማያውቀውን ነገር ይዟል፦ መርማሪው የቀረበለትን ክስ ቢጠራጠረው እንኳ መመርመሩን አይተውም።

ስለዚህ «ማስረጃ የለህም»፣ «ማን እንደሰረቀህ ሳታውቅ ምን ብዬ ልመዝግብ?»፣ «ምስክር ይዘሽ ነይ» የሚሉት መልሶች ክሱን ላለመቀበል በቂ አይደሉም። ማስረጃ መሰብሰብ የፖሊስ ሥራ ነው። ምስክር ይዘው ቢሄዱ ሥራው ይፈጥናል እንጂ፣ ምስክር ማምጣት የመመዝገቢያ ቅድመ ሁኔታ አይደለም።

ፖሊስ እውነቱን የሚሆንበት ጊዜም አለ። ያበደሩትን ገንዘብ በቀኑ አለመመለስ፣ የኪራይ ውል አለማክበር፣ የውርስ ድርሻ ክርክር የፍትሐ ብሔር ጉዳዮች ናቸው፤ መንገዳቸው ፍርድ ቤት ነው። ግራ የሚያጋባው መሐሉ ላይ ያለው ነው። ተበዳሪው ገና ከጅምሩ ሐሰተኛ ነገር አሳምኖ ገንዘቡን ከወሰደ ጉዳዩ የማታለል ወንጀል ይሆናል። የማሳ ድንበር ገፍቶ የድንበር ምልክት የነቀለም ሰው በወንጀልም በፍትሐ ብሔርም ሊጠየቅ ይችላል። ጣቢያ ሲደርሱ «ብሬን ከለከለኝ» ካሉ ይመለሳሉ። «ይህን ሐሰተኛ ሰነድ አሳይቶ ብሬን ወሰደ» ካሉ ግን መርማሪው ሌላ ነገር ነው የሚሰማው።

ክሴ መመዝገቡን በምን አውቃለሁ?

በመዝገብ ቁጥር። ብዙ ጊዜ የሚሆነው እንዲህ ነው፦ ተረኛው ፖሊስ በትዕግሥት ያዳምጥዎታል፣ ደብተሩ ላይ አንዳንድ ነገር ይጽፋል፣ «እንጠራዎታለን» ይልዎታል። ከወር በኋላ ሲመለሱ ያ ተረኛ ተቀይሯል፣ መዝገብም የለም። በደብተር የሰፈረ ማስታወሻ የተመዘገበ ክስ አይደለም።

ትክክለኛው አሠራር ቃልዎ በጽሑፍ እንዲሰፍር፣ እንዲነበብልዎትና ቀን ተጽፎበት እንዲፈርሙ ነው። ማንበብና መጻፍ የማይችል ሰው በጣት አሻራ ይፈርማል፤ ለእሱ መነበቡ ይበልጥ ወሳኝ ነው። ከመፈረምዎ በፊት ተረጋግተው ያድምጡ። ብዙ መዝገብ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው፦ «በዱላ ጭንቅላቴን መታኝ» ያሉት «ተጣልተን ተማታን» ተብሎ ይሰፍራል፣ የተጠርጣሪው የአያት ስም ይቀራል፣ ቀበሌው ተጽፎ ጎጡ ይዘለላል። ያልተስማሙበት ነገር ካለ ሳይፈርሙ ያስተካክሉ። ከፈረሙ በኋላ «እኔ እንዲያ አላልኩም» ማለት ፍርድ ቤት ላይ የሚያጋልጠው ራስዎን ነው።

ከጣቢያው ሲወጡ አራት ነገር ጽፈው ይያዙ፦ የምርመራ መዝገብ ቁጥሩን፣ ቃልዎን የሰጡበትን ቀን፣ የመርማሪውን ስምና ማዕረግ፣ ቀጣይ ቀጠሮ ካለም ቀኑን።

ክሱን በጽሑፍ ማቅረብ ይሻላል?

በጣም ይሻላል፣ በተለይ አንድ ጊዜ በቃል ተናግረው ከተመለሱ። ሁለት ቅጂ ያዘጋጁ፤ አንዱን ለመዝገብ ቤት ይስጡ፣ ሁለተኛው ላይ ቀንና የገቢ ቁጥር ተጽፎ ማኅተም ይደረግልዎት። አንቀበልም ካሉ በፖስታ ቤት በአደራ ደብዳቤ ልከው ደረሰኙን ያስቀምጡ። አንድ ገጽ ይበቃል። ከወንጀሉ ጋር የማይገናኝ የቆየ ቂምና የቤተሰብ ታሪክ አይጨምሩ፤ የሚያነበውን ሰው «የግል ጠብ ነው» ወደሚል መደምደሚያ ይወስደዋልና።

ለበሬ ስርቆት የሚበቃ አጻጻፍ ይህን ይመስላል፦

«ለ______ ወረዳ ፖሊስ ጽሕፈት ቤት፣ ወንጀል ምርመራ ክፍል። ጉዳዩ፦ በሬ ስለመሰረቁ የቀረበ የወንጀል ክስ። በ______ ቀን፣ ከሌሊቱ 8 እስከ 10 ሰዓት ባለው ጊዜ ውስጥ፣ በ______ ቀበሌ ______ ጎጥ ከሚገኘው በረቴ ዕድሜው 6 ዓመት የሆነ፣ መልኩ ዳማ፣ ግንባሩ ቦቃ፣ ግራ ቀንዱ ወደ ታች የታጠፈ፣ ቀኝ ጆሮው ጫፉ የተቆረጠ በሬ ተሰርቆብኛል። ዱካው እስከ አስፋልቱ ታይቷል። ዱካውን አብረውኝ የተከተሉት ______ እና ______ ናቸው። የምጠረጥረው ሰው ______ ሲሆን፣ ምክንያቱም ______ ነው። ምርመራ እንዲጀመርና የመዝገብ ቁጥር እንዲሰጠኝ እጠይቃለሁ። ግልባጭ፦ ለወረዳው ፍትሕ ጽሕፈት ቤት።»

መጨረሻ ላይ ያለችውን ግልባጭ እንዳይረሱ፤ ዐቃቤ ሕጉ ያለው ፍትሕ ጽሕፈት ቤቱ ውስጥ ነው። ጉዳዩን ዐቃቤ ሕግ እንደሚያውቀው የተረዳ መርማሪ ወረቀቱን መሳቢያ ውስጥ አይከተውም። ከብት ከሆነ በዚያው ቀን ያመልክቱ፤ የተሰረቀ በሬ በሚቀጥለው የገበያ ቀን ሌላ ወረዳ ሊሸጥ ይችላል፣ ፖሊስም ለአጎራባች ወረዳዎች መልእክት ማስተላለፍ የሚችለው መልኩ በዝርዝር ከተነገረው ነው። ለተሰረቀ ስልክ ደግሞ በማሸጊያ ሳጥኑ ላይ ያለውን ባለ 15 አኃዝ መለያ ቁጥር ይጻፉ።

ፖሊስን ዘልዬ በቀጥታ ዐቃቤ ሕግ ዘንድ መሄድ እችላለሁ?

ይችላሉ። ሕጉ የወንጀል ክስ ለፖሊስም ለዐቃቤ ሕግም እንዲቀርብ ይፈቅዳል። ዐቃቤ ሕጉ ራሱ ምርመራ አይጀምርም፤ ማመልከቻዎን ከትእዛዝ ጋር ለፖሊስ ይመራዋል። «ታዲያ ተመልሶ እዚያው ከሄደ ምን ጥቅም አለው?» ይባላል። ጥቅሙ ፖሊስ ለዐቃቤ ሕግ መልስ መስጠት ያለበት መሆኑ ነው፤ ፖሊስ ሥራውን በሕጉ መሠረት መሥራቱን መከታተል የዐቃቤ ሕግ ኃላፊነት ነው። በእኛ አመለካከት፣ ጣቢያው መዝገብ አልከፍትም ካለ ወደ ፖሊስ አዛዦች ከመውጣት በፊት ወረዳው ፍትሕ ጽሕፈት ቤት መግባት ይፈጥናል።

ተመዝግቧል፣ ግን ምንም አልተሠራም። ስንት ቀን ልጠብቅ?

ሕጉ ለመርማሪው የቀን ገደብ አላስቀመጠም። ቁጥር 37 ምርመራው ያለአግባብ ሳይዘገይ ይጠናቀቅ፣ ሲያልቅም መዝገቡ ለዐቃቤ ሕግ ይላክ ነው የሚለው። ስለዚህ «ዘገየ» ብሎ ከመጮህ ይልቅ ያልተሠራውን ነገር ለይቶ ማመልከት ይሠራል፦ «በመዝገብ ቁጥር ______ ሦስት ምስክር ቆጥሬአለሁ፤ እስከ ዛሬ የአንዱም ቃል አልተወሰደም፣ ተጠርጣሪውም መጥሪያ አልደረሰውም።» እንዲህ ያለውን ጥያቄ ኃላፊው በ«እየተሠራ ነው» ሊያልፈው ይከብደዋል።

ቅደም ተከተሉ መጀመሪያ የጣቢያው የወንጀል ምርመራ ኃላፊ፣ ከዚያ የወረዳው ወይም የከተማው ፖሊስ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ፣ ቀጥሎ ደብረ ብርሃን ያለው የዞን ፖሊስ መምሪያ፣ በመጨረሻም ባሕር ዳር የሚገኘው የክልሉ ፖሊስ ኮሚሽን ነው። በዐቃቤ ሕግ በኩል ደግሞ ከወረዳ ፍትሕ ጽሕፈት ቤት ወደ ዞን ፍትሕ መምሪያ፣ ከዚያም ወደ ክልል ፍትሕ ቢሮ ይወጣል። በየደረጃው የታችኛውን ማመልከቻ የገቢ ቁጥርና ቀን ይጥቀሱ፣ ቅጂውን ያያይዙ። ያለዚያ ከመሐል ሜዳ ወይም ከአለም ከተማ ደብረ ብርሃን ድረስ ተጉዘው «መጀመሪያ ወረዳውን ጠይቀሃል?» ተብለው ይመለሳሉ።

ሦስት ወር የሚባለው ነገር ምንድን ነው?

ሰው ሳያውቀው መብቱን የሚያጣበት ቦታ ነው። ወንጀሎች ሁለት ዓይነት ናቸው። ነፍስ ግድያ፣ ውንብድና፣ ስርቆት፣ አስገድዶ መድፈር የመሳሰሉትን መንግሥት ማንም ሳያመለክት መክሰስ ይችላል። ስድብና ስም ማጥፋት፣ ዛቻ፣ ቀላል የአካል ጉዳት የመሳሰሉት ግን ተበዳዩ የግል አቤቱታ ካላቀረበ አይከሰሱም። ለእነዚህ የወንጀል ሕጉ ቁጥር 213 ተበዳዩ ድርጊቱን ወይም አድራጊውን ካወቀበት ቀን ጀምሮ ሦስት ወር ነው የሚሰጠው።

ችግሩ «ሽማግሌ ይዞታል፣ ጠብቅ» እየተባለ ሦስት ወሩ የሚያልቅ መሆኑ ነው። ሽምግልናው ይቀጥል፤ አቤቱታው ግን በጊዜው በጽሑፍ ይግባ፣ ማኅተም ያለበት ቅጂም እጅዎ ላይ ይኑር። ከታረቁ በኋላ የግል አቤቱታውን ማንሳት ይቻላል። ሦስት ወር ካለፈ በኋላ ማስገባት ግን አይቻልም።

ለሌሎቹ ወንጀሎች የይርጋ ጊዜው (ካለፈ በኋላ ክስ የማይቀርብበት ገደብ) ረጅም ነው፤ ቁጥር 217 እንደ ቅጣቱ ክብደት ከ3 ዓመት እስከ 25 ዓመት ይሰጣል።

ፖሊሱ «ታረቁ» ይለኛል። እምቢ ማለት እችላለሁ?

ይችላሉ። ዕርቅ በፈቃድ ነው። በግል አቤቱታ ብቻ በሚያስቀጡ ነገሮች ዕርቁ ክሱን ሊያስቀር ይችላል፤ በከባድ ወንጀል ግን ደም ቢደርቅም፣ ካሳ ቢከፈልም የመንግሥት ክስ አይቀርም። አውጫጭኝም (መንደርተኛው ተሰብስቦ ያወቀውን የሚናገርበት ባህል) ሌባን ለማግኘት ይረዳ ይሆናል እንጂ የፖሊስን መዝገብ አይተካም፤ እዚያ የተገኘውን ፍንጭ ለመርማሪው ያስመዝግቡ።

ተደብድቤ ሆስፒታል ስሄድ የፖሊስ ደብዳቤ አምጣ ተባልኩ፣ ፖሊስ ደግሞ ነገ ተመለስ ይላል።

መታከም የፖሊስ ደብዳቤ አይጠብቅም፤ ደብዳቤው የሚያስፈልገው ለፍርድ ቤት የሚሆነው የሕክምና ማስረጃ እንዲጻፍ ነው። ስለዚህ በዚያው ቀን ይታከሙ። ለሐኪሙ በምን እንደተመቱና የት የት እንደሚያምዎት ይንገሩት፣ ካርድዎ ላይ እንዲጻፍ ይጠይቁ፣ የካርድ ቁጥሩንም ይያዙ። ደብዳቤው ከሳምንት በኋላ ቢመጣ እንኳ ሐኪሙ የዚያን ዕለቱን ካርድ አይቶ ማስረጃውን መጻፍ ይችላል። ያልታከመ ሰው ግን እብጠቱ ጎድሎ፣ ቁስሉ ጠግጎ «ምንም አይታይም» የሚል ወረቀት ይዞ ይመለሳል፤ ከባድ የነበረው ጉዳት መዝገብ ላይ ቀላል ሆኖ ይቀራል። ቁስሉን ቀን በሚያሳይ ስልክ ያንሱት፤ የደማውን ልብስ ሳያጥቡ አድርቀው በወረቀት ከረጢት ያስቀምጡ። በፌስታል ከታሰረ ይሻግታል።

ለተደፈረች ሴት ወይም ልጅ ሰዓት ይቆጠራል። የኤች አይ ቪ መከላከያው መድኃኒት በ72 ሰዓት ውስጥ መጀመር አለበት። ገላ ከመታጠብና ልብስ ከማጠብ በፊት ሆስፒታል መድረስ ይገባል። ፖሊስ ኋላ ይደርሳል።

መዝገቡ ተዘጋ አሉኝ። አለቀ ማለት ነው?

ገና ነው፤ ማን እንደዘጋውና በምን ምክንያት እንደሆነ ይጠይቁ። መርማሪ ፖሊስ በራሱ ሥልጣን «ማስረጃ አልተገኘም» ብሎ መዝገብ አይዘጋም። የምርመራ መዝገብ ለዐቃቤ ሕግ ይላካል፤ ዐቃቤ ሕጉ ክስ ይመሠርታል፣ ለተጨማሪ ምርመራ ይመልሰዋል፣ ወይም በሥነ ሥርዓቱ ሕግ ቁጥር 42 አልከስም ይላል። አልከስም የሚልባቸው ምክንያቶች በሕጉ የተቆጠሩ ናቸው፦ ለማስቀጣት የሚበቃ ማስረጃ አለመኖሩ፣ ተከሳሹ የማይገኝና በሌለበት ሊታይ የማይችል ጉዳይ መሆኑ፣ ይርጋ ወይም ምሕረት፣ ወይም ለሕዝብ ጥቅም ሲባል ከበላይ የተሰጠ የጽሑፍ ትእዛዝ። ምክንያቱንም በጽሑፍ የመግለጽ ግዴታ አለበት (ቁጥር 43)።

ያንን ጽሑፍ ሳይዙ ከቢሮው አይውጡ፤ ከዚህ በኋላ ያሉት መንገዶች ሁሉ በእሱ ላይ የተንጠለጠሉ ናቸው። ውሳኔው የደረሰዎትን ቀንም ይመዝግቡ።

ምክንያቱ የማስረጃ ማነስ ከሆነና ወንጀሉ በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስቀጣ ከሆነ፣ ዐቃቤ ሕጉ ራስዎ እንዲከሱ የጽሑፍ ፈቃድ ይሰጥዎታል (ቁጥር 44)። ፈቃዱን ከተቀበሉ በኋላ በ15 ቀን ውስጥ የግል ክስዎን ለፍርድ ቤት ማቅረብ አለብዎት። ፍርድ ቤቱ ክሱን ከማንበቡ በፊት ለማስታረቅ ይሞክራል። ወጪውና ኃላፊነቱ የእርስዎ ነው፣ ምስክርም የሚያቀርቡት እርስዎ ነዎት። ዐቃቤ ሕግ አያዋጣም ያለውን መዝገብ በዚያው ማስረጃ ብቻ ይዞ መግባት ብዙ አያራምድም፤ አዲስ ምስክር ወይም ሰነድ ካለ ግን ያዋጣል።

ወንጀሉ መንግሥት የሚከሰው ዓይነት ከሆነ ተበዳዩ ውሳኔው በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ዐቃቤ ሕጉ ክስ እንዲመሠርት እንዲታዘዝለት ለፍርድ ቤት ማመልከት ይችላል። ሕጉ የወጣው በንጉሡ ዘመን ስለሆነ የሚጠቅሳቸው ፍርድ ቤቶች ስማቸውም ደረጃቸውም ተለውጧል፤ የወረዳ ዐቃቤ ሕግ ውሳኔ ከሆነ ከዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ይጀምሩ። በተግባር የተለመደው ለዞኑ ፍትሕ መምሪያ ቅሬታ ማቅረብ ነው፣ ብዙ ጊዜም መዝገብ የሚንቀሳቀሰው በዚያ ነው። ነገር ግን የቅሬታውን መልስ ሲጠብቁ 30 ቀኑ እንዳያልፍ ሁለቱን ጎን ለጎን ያስኪዱ።

መርማሪው ለነዳጅ፣ ለወረቀት፣ ለ«ሻይ» ገንዘብ ጠየቀኝ።

የወንጀል ክስ ማስመዝገቢያ ክፍያ የለውም። ጥቅም ለማግኘት ብሎ ጉዳይ ማጓተት በሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 የተደነገገ ወንጀል ነው። ለክልሉ ሥነ ምግባርና ፀረ ሙስና ኮሚሽን፣ ለዐቃቤ ሕግ ወይም ለዞኑ ፖሊስ መምሪያ ይጠቁማሉ። መቼ፣ የት፣ ስንት ብር፣ ማን በተገኘበት የሚለውን ይዘው ይሂዱ። ከፍለው ጉዳይዎን ለማስጨረስ ከሞከሩ ግን እርስዎም ጉቦ በመስጠት ይጠየቃሉ።

ተጠርጣሪው የፖሊስ አባል ነው፣ ወይም የመርማሪው ዘመድ ነው።

መርማሪው እንዲቀየር ለኃላፊው በጽሑፍ ይጠይቁ፣ ዝምድናውንም በግልጽ ይጻፉት። ጣቢያው በሙሉ የሚያሰጋዎት ከሆነ ማመልከቻውን ከወረዳው ፍትሕ ጽሕፈት ቤት ወይም ከዞኑ ፖሊስ መምሪያ ይጀምሩ።

እንባ ጠባቂና ሰብአዊ መብት ኮሚሽን ይረዱኛል?

ለሁለቱም አገልግሎት አይከፈልም፣ ባሕር ዳርም ቅርንጫፍ አላቸው። እንባ ጠባቂ የአስተዳደር በደልን ይመለከታል፤ ያለ በቂ ምክንያት አገልግሎት መከልከልና ማጓተት በዚህ ውስጥ ይገባል። ሰብአዊ መብት ኮሚሽን ዘንድ መሄድ የሚገባው ድብደባ፣ ሕገወጥ እስር፣ በጾታ ወይም በማንነት ምክንያት ፍትሕ መነፈግ ሲኖር ነው። ሁለቱም መርማሪውን ተክተው አይመረምሩም፣ ፍርድም አይሰጡም፤ የሚሰጡት የመፍትሔ ሐሳብ ነው። የፖሊስና የዐቃቤ ሕግ ደረጃዎችን ሞክረው ሲያበቁ፣ ከነወረቀቱ ቢሄዱ ይሻላል።

«መንገዱ አያስኬድም፣ ፀጥታው ይስተካከል» ተባልኩ።

አንዳንዴ እውነት ነው፤ ፖሊስ ሊደርስ የማይችልበት ቀበሌ አለ። ይህ ግን ቦታው ድረስ ላለመሄድ ምክንያት ይሆናል እንጂ ቃል ላለመቀበል አይሆንም። ከተማ የገባን ምስክር ቃል ጣቢያው ሊቀበለው ይችላል። በግል አቤቱታ በሚያስቀጡ ወንጀሎች ሦስት ወሩ በፀጥታ ምክንያት ይቆማል ብለው አይተማመኑ፤ አቤቱታዎን ያስገቡ፣ ከቀበሌ መውጣት ካልቻሉም በሚያምኑት ሰው እጅ የተፈረመበት ማመልከቻ ይላኩ።

ፖሊስ ቢተወኝም ካሳ መጠየቅ እችላለሁ?

አዎ። የወንጀል መዝገብ መዘጋት የፍትሐ ብሔር ክስን አይከለክልም። የጉዳት ካሳ በሁለት ዓመት ውስጥ ይጠየቃል፤ ድርጊቱ ወንጀል ከሆነና የወንጀሉ ይርጋ ከዚያ የሚረዝም ከሆነ ረጅሙ ጊዜ ይሠራል። በመሬት ይዞታዎ ላይ ሁከት ለፈጠረ ሰው «ሁከት ይወገድልኝ» የሚለው ክስም በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት፤ የይዞታ ማረጋገጫ ደብተርዎን ቅጂ ያያይዙ። የዳኝነት ገንዘብ መክፈል ካቃተዎት በደሃ ደንብ ለመክሰስ ያመልክቱ፣ ለዚህም ከቀበሌዎ የኑሮ ሁኔታ ማስረጃ ይያዙ።

ተጠርጣሪው በነፃ ቢወጣ «በሐሰት ወነጀልከኝ» ብሎ መልሶ ይከሰኛል?

የሐሰት ውንጀላ ወንጀል የሚሆነው (የወንጀል ሕግ ቁጥር 447) ሰውየው ንጹሕ መሆኑን እያወቁ ከወነጀሉት ነው። በቅን ልቦና የጠረጠሩትን መናገርና ማስረጃው ሳይበቃ መቅረቱ በዚህ አያስጠይቅም። ስለዚህ ያዩትን «አየሁ»፣ የሰሙትን «ከእገሌ ሰማሁ»፣ የጠረጠሩትን «እጠረጥራለሁ» ብለው ያስመዝግቡ።